የተማሪ ስንቅ ነገር ይታሰብበት

ለክቡር የጋዜጣው ዋና አዘጋጅ፤

ስለ 12ኛ ክፍል ፈተና ውጤት ብዙ ጊዜ ብዙ ነገር ሲጻፍ አነባለሁ። አንዱ መምህሩን ይወቅሳል፤ ሌላው ተማሪውን ሰነፍ ይለዋል፤ ሦስተኛው ደግሞ ልጆቹን ያበላሻቸው የእጅ ስልክ ነው ይላል። ሁሉም በየበኩላቸው ከእውነት ጥቂት ጥቂት ሳይዙ አይቀሩም። ዳሩ ግን ስለ ተማሪው ሆድ የጻፈ ሰው እስካሁን አላጋጠመኝም። እኔ በፍኖተ ሰላም ከተማ የምኖር የመንግሥት ሠራተኛ ስሆን፥ በገዛ ግቢዬ ያየሁትን ነገር ለአንባብያን ለመንገር ስለ ፈለግሁ፥ ይህች ደብዳቤዬ በጋዜጣዎ ላይ ትወጣልኝ ዘንድ እለምናለሁ።

ፍኖተ ሰላምን በስም ብቻ ለሚያውቃት አንባቢ፥ ከተማችን ከደብረ ማርቆስ ወደ ባሕር ዳር በሚወስደው አውራ ጎዳና ላይ፥ ደምበጫን አልፎ ቡሬ ሳይደረስ የምትገኝ የምዕራብ ጎጃም ዞን ዋና ከተማ ናት። አገሩ የእህል አገር ነው። በቆሎው፥ ጤፉ፥ ዳጉሳው ይበቅላል፤ የቡሬ በርበሬ በየገበያው ስሙ የታወቀ ነው፤ የፍኖተ ሰላምን ማንጎ ያልቀመሰ መንገደኛም ጥቂት ነው። በመንግሥት መዝገብ አካባቢው ትርፍ አምራች ተብሎ ስለ ተጻፈ፥ ድርቅ ለሚደጋግማቸው ለዋግ ኽምራና ለሰሜን ወሎ ወረዳዎች የትምህርት ቤት ምገባ ሲታሰብ የእኛን አገር የሚያነሣው እምብዛም የለም። በጠገበ ሰው ፊት እንጀራ የሚያቀርብ ማን ነው?

ይሁን እንጂ በዚሁ በጠገበ አገር ተማሪ ይራባል። ነገሩ እንቆቅልሽ ይመስላል፤ ፍቺው ግን ቀላል ነው። እህሉ ያለው ገጠር ነው፤ ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤቱ በአብዛኛው ያለው ከተማ ነው። የገበሬው ልጅ 8ኛ ክፍልን በቀበሌው ከጨረሰ በኋላ ከእናቱ ምጣድ ተለይቶ ወደ ከተማ ይመጣል፤ ቤት ይከራያል፤ በ14 ወይም በ15 ዓመቱ ራሱን የሚያስተዳድር አባወራ ይሆናል ማለት ነው።

እኔም ከአከራዮቹ አንዱ ነኝ። ከግቢዬ በስተኋላ ሁለት ክፍል የጭቃ ቤት አለኝ፤ ደመወዝ ብቻውን የማያደርስ መሆኑን የዚህ ጋዜጣ አንባቢ የሆነ የመንግሥት ሠራተኛ ሁሉ ያውቀዋልና ለተማሪ አከራየዋለሁ። በ2012 ዓ.ም. መጀመሪያ ከጃቢ ጠህናን ወረዳ ገጠር አራት ልጆች መጥተው አንዷን ክፍል በጋራ ተከራዩ። 9ኛ ክፍል የሚገቡ ነበሩ። አንድ ፍራሽ፥ ሁለት ጋቢ፥ አንድ ጄሪካን፥ ከሰል ማንደጃና አንድ ድስት ይዘው ገቡ። እነዚሁ ልጆች 12ኛ ክፍልን እስኪጨርሱ፥ ማለት እስከ 2015 ዓ.ም. ድረስ፥ በግቢዬ ኖሩ።

የአበላላቸውን ሥርዓት በአራት ዓመት ውስጥ በሚገባ አጠናሁት። ዓርብ ከትምህርት በኋላ በእግራቸው ወደየቤታቸው ይሄዳሉ፤ እሑድ ማታ እንጀራ፥ ሽሮ፥ በሶና ቆሎ ተሸክመው ይመለሳሉ። ሰኞና ማክሰኞ ደኅና ይበላሉ። ረቡዕ እንጀራው ይሻግታል። ሻጋታውን ጠርገው ይበሉታል፤ አለዚያም አስቀድመው ፀሐይ ላይ አስጥተው ድርቆሽ ያደርጉታል። ሐሙስ በሶ በውኃ ነው። ዓርብ ጠዋት ምንም የለም። ‹‹ዓርብስ ቢሆን የጾም ቀን ነው፤ እኛ ደግሞ ሐሙስን ጨመርንበት›› እያሉ ሲሳሳቁ በግድግዳው በኩል እሰማ ነበር። እኔም በዚያው ሰዓት እራቴን እየበላሁ ነው። አንዳንድ ቀን ባለቤቴ ወጥ ትልክላቸዋለች፤ ይህን የምጽፈው ግን እንድመሰገንበት አይደለም፤ በወሩ መጨረሻ ኪራዩን ሳልቀንስ የምቀበለው እኔው ነበርሁና።

አንድ የማውቃቸው የሒሳብ መምህር እንደ ነገሩኝ፥ ከገጠር የሚመጡት ተማሪዎች ሐሙስ ከሰዓት በኋላ ራሳቸውን በዴስክ ላይ ደፍተው ይተኛሉ። መምህሩ በመጀመሪያ ይቆጡ ነበር፤ ኋላ ግን ምክንያቱን ሲያውቁ ከባዱን ትምህርት ወደ ሰኞና ማክሰኞ አዛወሩት። እንዲህ ያለው ብልሃት በየትኛውም የመምህራን መምሪያ መጽሐፍ ላይ ተጽፎ አይገኝም።

እዚህ ላይ አንድ ነገር በጥንቃቄ ልለይ። የእነዚህ ልጆች አባቶች እህል የላቸውም ማለቴ አይደለም። አንዱን አባት በደንብ አውቃቸዋለሁ፤ ከአንድ ሄክታር ያልበለጠ መሬት አላቸው፤ በደኅና ዓመት ጎተራቸው አይጎድልም። ልጃቸው የሚራበው እህል ስለ ሌለ ሳይሆን እህል ምግብ እስኪሆን ብዙ ነገር ስለሚያስፈልገው ነው። ወፍጮ ቤት ይሄዳል፤ ይቦካል፤ ይጋገራል፤ እንጨት ወይም ከሰል ይፈልጋል። በአገራችን ልማድ ወንድ ልጅ እንጀራ አይጋግርም፤ ቢጋግርስ ጊዜውንና ማገዶውን ከየት ያመጣዋል? እንግዲህ እናቱ የጋገረችው እንጀራ አንድ ሳምንት የማይቆይ በመሆኑ ብቻ የልጁ ትምህርት በሳምንቱ አጋማሽ ላይ ይቆማል። የጎደለው እህል አይደለም፤ ምጣድ ነው ለማለት እደፍራለሁ።

ገንዘብ ግን በእርግጥ የለም። ገበሬው ገንዘብ የሚያየው እህሉን ሲሸጥ ነው፤ የሚሸጠውም አዝመራ እንደ ገባ፥ ገበያው ሲረክስ ነው፤ የማዳበሪያው ዕዳ ይጠብቀዋልና። ከዚያ የተረፈችው ለኪራይ፥ ለደብተር፥ ለዩኒፎርም ትካፈላለች። ስለዚህ አባትየውን ገንዘብ ሲጠይቁት ይደነግጣል፤ እህል ሲጠይቁት ግን ‹‹ስንት ቁና?›› ይላል። ይህን ነገር አንባቢ ልብ ይበልልኝ፤ በኋላ እመለስበታለሁ።

ሌላም ነገር አለ። ኅዳርና ታኅሣሥ አዝመራ ነው፤ ሰኔ የዘር ወር ነው። አባት ልጁን ለአጨዳና ለውቂያ ሲጠራው ልጁ እምቢ ሊል አይችልም፤ የሚበላው ከዚያ ነውና። ሁለት ሳምንት ቀርቶ ሲመለስ የሒሳቡ ምዕራፍ አልፎት ይጠብቀዋል። የከተማው ልጅ በዚያው ጊዜ በግል አስጠኚ ይማራል። ከዚያ በኋላ ሁለቱም ለአንድ ዓይነት ፈተና ይቀመጣሉ። ከ2016 ዓ.ም. ወዲህ ደግሞ ከተፈታኞቹ ከፊሎቹ በኮምፒዩተር መፈተን ጀምረዋል። አሠራሩ ጥሩ ነው፤ ኩረጃን ይቀንሳል። ሆኖም በሕይወቱ ኮምፒዩተር ነክቶ የማያውቅ ልጅ ጥያቄውን ከማንበቡ በፊት መሣሪያውን መፍራቱ አይቀርም።

የአራቱ ልጆች ፈተና በ2015 ዓ.ም. ክረምት ሆነ። እንደሚታወቀው ከዚያው ዓመት ጀምሮ ፈተናው በየዩኒቨርሲቲው ግቢ ይሰጥ ነበር። ልጆቹ በአውቶቡስ ተጭነው ሄዱ። ሲመለሱ ስለ ጥያቄው ጠየቅኋቸው፤ እነርሱ ግን በመጀመሪያ የነገሩኝ ስለ ምግቡ ነው። ቁርስ፥ ምሳ፥ እራት፥ በየቀኑ፥ ያውም ትኩስ! አንደኛው፥ ‹‹ጋሼ፥ በፈተናው ጊዜ እንቅልፍ አስቸገረኝ፤ ሆዴ አልለመደም›› አለኝ። ሳቅን። ሌሊት ግን ነገሩ እንቅልፍ ነሣኝ። መንግሥት ለዚህ ልጅ በትኩስ እንጀራ የደረሰለት አራቱ ዓመት ካለፈ በኋላ፥ በፈተናው ዕለት ነው።

ከአራቱ ያለፈው አንድ ነው። እርሱም ዩኒቨርሲቲ ገብቷልና እግዚአብሔር ይርዳው። ነገር ግን ከአራቱ ጎበዙ እርሱ አልነበረም፤ ይህንንም ራሱ አይክድም። እርሱ ከሌሎቹ የሚለየው በከተማው ውስጥ ነጋዴ አጎት ስላለው ከሐሙስ ጀምሮ ያለውን እራት እዚያ ሄዶ ይበላ ስለ ነበር ነው። የሁሉም ጎበዝ የነበረው፥ የእኔን ልጅ የሒሳብ የቤት ሥራ ቁጭ አድርጎ ያስረዳ የነበረው ልጅ፥ ጥቂት ነጥብ አነሰው። በሬሜዲያል ሊገባ ይችል ነበር፤ ነገር ግን ውጤቱ በ2016 ዓ.ም. መጀመሪያ ሲነገር እርሱ ለብርድ ልብስና ለመሳፈሪያ የሚሆን ገንዘብ ሊያገኝ ወደ መተማ ሰሊጥ አጨዳ ሄዶ ነበር። ከዚያ በኋላ አላየሁትም። ሦስተኛው አባቱ ዘንድ ተመለሰ፤ መሬቱ ግን ለታላቅ ወንድሙ ተቆርሶለት አልቋል። አራተኛው ቡሬ ከተማ የቀን ሥራ ይሠራል ብለውኛል።

አራት ልጆች ለአገር መስፈሪያ አይሆኑም እንዳይባል፥ የአገሩንም ቁጥር እናንሣ። ትምህርት ሚኒስቴር እንዳስታወቀው፥ 50 ከመቶና ከዚያ በላይ ያመጡት በ2014 ዓ.ም. ተፈታኞች 3.3 ከመቶ፥ በ2015 ዓ.ም. 3.2 ከመቶ፥ በ2016 ዓ.ም. 5.4 ከመቶ፥ በ2017 ዓ.ም. 8.4 ከመቶ ናቸው። መሻሻሉ አይካድም። ነገር ግን በ2015 ዓ.ም. ከ1,300 የሚበልጡ ትምህርት ቤቶች አንድ ተማሪ እንኳ አላሳለፉም። በዚያው ዓመት ተማሪዎቻቸውን በሙሉ ካሳለፉት በጣት ከሚቆጠሩት መካከል ደግሞ አዳሪ ትምህርት ቤቶች ይገኙባቸዋል። እነዚህ ትምህርት ቤቶች ጎበዞችን መርጠው እንደሚቀበሉና የተሻሉ መምህራን እንዳሏቸው አውቃለሁ፤ ስለዚህ ውጤቱ ሁሉ የምግብ ነው አልልም። ቢሆንም ስለ ቤተ መጻሕፍታቸውና ስለ ቤተ ሙከራቸው ሲነገር ስለ ወጥ ቤታቸው ዝም መባሉ ትክክል አይደለም።

ይህን ነገር በመሥሪያ ቤታችን ባነሣሁ ጊዜ አንድ ባልደረባዬ፥ ‹‹የቆሎ ተማሪስ ተርቦ አይደለም እንዴ የተማረው?›› ሲል ተከራከረኝ። በጎጃም ምድር ይህ ክርክር ጉልበት አለው፤ ዋሸራን የመሰለ የቅኔ ቤት ያለበት አገር ነውና። እኔም ለጊዜው መልስ አጣሁ። ኋላ ሳስበው ግን የቆሎ ተማሪው ነገር የሚደግፈው እኔን ሆኖ አገኘሁት። ያ ተማሪ ደበሎውን ለብሶ፥ አኩፋዳውን አንግቶ በሰው ደጅ ሲቆም ‹‹በእንተ ስማ ለማርያም›› ይላል፤ የቤቱ እመቤት ትሰጠዋለች፤ ያልሰጠች እንደ ሆነ የምታፍረው እርስዋ ናት እንጂ እርሱ አይደለም። ሕዝቡ ተማሪውን የማብላት ግዴታ አለብኝ ብሎ ተቀብሎ ነበር፤ ልመናውም የትምህርቱ ክፍል ነበር። የዛሬው ተማሪ ዩኒፎርሙን ለብሶ፥ ደብተሩን ይዞ በእኔ ደጅ ቢቆም ምን እለዋለሁ? ‹‹አባት የለህም?›› ማለቴ አይቀርም። ስለዚህ ቤቱን ዘግቶ በሶውን በጥብጦ ይተኛል። በ1958 ዓ.ም. የዩኒቨርሲቲ ተማሪዎች በሾላ ስለ ታጎሩት ለማኞች ‹‹ድህነት ወንጀል ነውን?›› ብለው አዲስ አበባ ላይ ሰልፍ ወጥተው ነበር። የዛሬውን የገጠር ተማሪ ድህነቱ ወንጀለኛ ባያደርገውም አሳፍሮ አፉን ዘግቶታል። ሥርዓቱን አፍርሰን ረኃቡን ብቻ አስቀርተናል።

ስለ ሴቶቹ ልጆች ባጭሩ ልናገር፤ ብዙ መናገር ያስፈልግ ነበር። ወላጅ ሴት ልጁን በኪራይ ቤት ብቻዋን ማሳደር ይፈራል፤ ፍርሃቱም ያለ ምክንያት አይደለም። ስለዚህ 8ኛ ክፍልን እንደ ጨረሰች ይድራታል፤ ወይም ከተማ ከሚኖር ዘመድ ቤት ያስጠጋታል። ዘመድ ቤት የተጠጋችው ልጅ ውኃ ቀድታ፥ ጋግራ፥ ልጅ አሳዝላ ነው መጽሐፍ የምትገልጠው። እርስዋ እንኳ ሆድዋ አይራብ ይሆናል፤ ጊዜዋ ግን ይራባል።

የመንግሥትን አሠራር ስንመለከት አንድ የተገላቢጦሽ ነገር እናገኛለን። አዲስ አበባ ውስጥ ትንንሾቹ ልጆች በየትምህርት ቤቱ ይመገባሉ፤ ይህ እጅግ የሚያስመሰግን ነው። በዩኒቨርሲቲም ተማሪው መኝታና ምግብ ያገኛል፤ ለአንድ ተማሪ የቀን ምግብ ተይዞ የነበረው 15 ብር ኋላ 22 ብር፥ በ2017 ዓ.ም. ደግሞ 100 ብር ሆኗል። በወጪ መጋራት ደንብ መሠረትም ተማሪው ድርሻውን ተመርቆ ሥራ ሲይዝ ቀስ በቀስ ይከፍላል፤ አስቀድሞ ካልከፈልህ አትበላም አይባልም። በመካከል ያሉት ከ9ኛ እስከ 12ኛ ክፍል ያሉት አራት ዓመታት ግን ባለቤት የላቸውም። ወንዙ ላይ ከወዲህም ከወዲያም ድልድይ ተሠርቶ መካከሉ ክፍት ቀርቷል። የዩኒቨርሲቲው ማዕድ የሚደርሰው ያንን ክፍት ዘሎ ላለፈ ብቻ ነው፤ ዘሎ የሚያልፈውም አብዛኛውን ጊዜ አስቀድሞ ሲበላ የኖረው ነው።

የገባውም ቢሆን ጣጣው አላለቀም። ከእኔ ግቢ የሄደው ልጅ ስልክ ሲደውል እንደሚነግረኝ፥ መምህሩ ጽሑፉን በስልክ ይልካል፤ ስልኩ ያረጀ ነው። ሥራውን በኮምፒዩተር ጻፉ ይባላሉ፤ ተራ እስኪደርሰው በቤተ መጻሕፍት ይሰለፋል። ጓደኞቹ በአንደኛ ደረጃ የለመዱትን እንግሊዝኛ እርሱ አሁን እየለመደ ነው። በምግብ በኩል ግን፥ ‹‹ጋሼ፥ አሁን ሐሙስም እበላለሁ›› ብሎኛል።

በሌላ አገር ይህን ክፍተት እንዴት ደፈኑት ብሎ መጠየቅ ይገባል። ሜክሲኮ በ1990 ዓ.ም. ገደማ በጀመረችው ዕቅድ ለድሃ ገጠር እናቶች ልጆቻቸው ትምህርት ቤት እስከዋሉ ድረስ ገንዘብ ትሰጥ ነበር። ክፍያው ልጁ ክፍል በጨመረ ቁጥር ይጨምራል፤ በሁለተኛ ደረጃ ደግሞ ለሴቶች ከወንዶች ይበልጣል። ምክንያቱም ድሃው ልጁን ከትምህርት የሚያወጣው በዚያን ጊዜ መሆኑን ስላወቁ ነው። ለእኛ ይህን ያህል ገንዘብ ለማደል አቅም አለን አልልም። ደግሞም ከ2015 ዓ.ም. ክረምት ወዲህ በክልላችን በተነሣው ግጭት ብዙ ትምህርት ቤቶች ተዘግተው፥ በሚሊዮን የሚቆጠሩ ልጆች ከትምህርት ውጭ በሆኑበት ዘመን ስለ ወጥ ቤት መናገር ቅንጦት የሚመስለው ሰው ይኖራል። እኔ ግን የሚመስለኝ በተቃራኒው ነው። መንገዱ ሲዘጋ ስንቁን ለማምጣት ገጠር መመላለስ አልተቻለም፤ በዚህም ምክንያት ትምህርት ቤታቸው ክፍት ሆኖ ሳለ ደብተራቸውን የዘጉ ልጆች አሉ።

አሁን ወደ ቁናው ልመለስ። አንድ ወጣት በቀን ግማሽ ኪሎ እህል ይበላል ብንል፥ ለዘጠኝ ወር ትምህርት 135 ኪሎ ያስፈልገዋል፤ ይኸውም ከአንድ ኩንታል ተኩል አይሞላም። በአገራችን አንድ ሄክታር የተመቸው በቆሎ በደኅና ዓመት 40 ኩንታል ያህል ይሰጣል። እንግዲህ አባት ለልጁ አንድ ኩንታል ተኩል በአዝመራ ጊዜ ለማምጣት አይቸገርም፤ ዛሬም ቢሆን በየሳምንቱ በልጁ ጀርባ እያስጫነ የሚልከው ይህንኑ ነው። የሚያስፈልገው የሚቀበለው ጎተራ፥ የሚፈጭበት ወፍጮ፥ የሚጋገርበት ምጣድና ልጆቹ የሚያድሩበት ቤት በትምህርት ቤቱ አጠገብ ማግኘት ነው። ቤቱን ሕዝቡ በጉልበቱና በእንጨቱ ይሠራዋል፤ በገጠር ያሉትን የመማሪያ ክፍሎች ብዙዎቹን የሠራቸው ማን ሆነና! መንግሥት የሚጠየቀው ለጋጋሪዎቹና ለዘበኛው ደመወዝ፥ ለማገዶና ለዘይት የሚሆን ገንዘብ ነው። ለሴቶቹ ለብቻቸው የታጠረ ማደሪያና ኃላፊነት የሚሰማት ሞግዚት ያስፈልጋል። እህል አምጥቶ ለማስመዝገብ የማይችል፥ መሬት የሌለው ወይም አባቱ የሞተበት ልጅ ቢኖር፥ የወረዳው አስተዳደርና ከተማችን ነጋዴዎች፥ የቡሬውም ኢንዱስትሪ ፓርክ ያስጠጓቸው ፋብሪካዎች ጭምር፥ ድርሻቸውን ቢሰጡ አይጎዱም።

በዚህ አሳብ ላይ ጉድለት እንዳለው አላጣሁትም። ጎተራ ባለበት አይጥ አለ፤ ሁለት እግር ያላቸው አይጦችም ይኖራሉ። ስለዚህ የእህሉን መዝገብ ወላጆች ራሳቸው የመረጧቸው ሰዎች ቢይዙት፥ መምህራንንም በዚህ ሥራ ባያደክሟቸው ይሻላል። ለጊዜው ማደሪያው እስኪሠራ ድረስ እንኳ ረቡዕ፥ ሐሙስና ዓርብ ብቻ አንድ ትኩስ ምሳ ቢሰጥ ብዙ ነገር ይለወጣል። ለምን ሦስቱን ቀን እንደ መረጥሁ አንባቢ ያውቃል።

በበኩሌ በዚህ ዓመት ከተከራዮቼ ከሚመጣው ኪራይ ላይ ቀንሻለሁ፤ ባለቤቴም ረቡዕ ማታ ምጣድ ስትጥድ የእነርሱንም ሊጥ አብራ ትጋግራለች። ሆኖም በአንድ ግቢ የሚደረግ ነገር ለአንድ ግቢ ነው። የክልሉ ትምህርት ቢሮም ሆነ የዞናችን ትምህርት መምሪያ ስለዚህ ጉዳይ ያሰቡት ነገር ካለ በዚሁ ዓምድ ቢገልጹልን፥ ያላሰቡትም እንደ ሆነ ከመጪው አዝመራ በፊት ወላጆችን ሰብስበው ስለ ቁናው ቢያነጋግሩልን እለምናለሁ።

ከአክብሮት ጋር፤
አንድ የመንግሥት ሠራተኛ
ከፍኖተ ሰላም